ዲምካ ያልዋጠችው ክኒን

ፌንያ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ቤቷ ዳኑብ ወንዝ ዳር፣ ሸምበቆ መሃል፣ መስኮቱ ሰማያዊ ቀለም የተቀባ የጭቃ ቤት ነው። የምትኖረው ከአያቷ ከሳቬሊ፣ ከግራጫዋ ድመት ከዲምካና ከአንዲት ነገረኛ ታናሽ እህት ጋር ነበር። ነገረኛዋ እኔ ነኝ። ማላንያ እባላለሁ፤ ያኔ ስድስት ዓመቴ ነው። እናትና አባታችን ከተማ ዓሣ ፋብሪካ ስለሚሠሩ የሚመጡት በወር አንዴ ነበር።

ጠጋ ጠጋ በሉ እስቲ፣ ልጆች። አንተ ከኋላ ያለኸው፣ ወንበሩን አታወዛውዘው። ዛሬ የምነግራችሁ የድመት ታሪክ ነው። ድመቷ ግን ምንም አላጠፋችም፤ ያጠፋነው እኛ ነን።

በመንደራችን መኪና የሚሄድበት መንገድ አልነበረም። ከቅርብ ጎረቤት ያለፈ ቦታ የሚኬደው በጀልባ ነው። ቤተ ክርስቲያን በጀልባ፣ ጨው ለመበደርም በጀልባ። ጀልባዎቹ ውኃ እንዳያስገቡ ቅጥራን ይቀባሉ። ዛሬም የቅጥራን ሽታ ሲሸተኝ ያ ወንዝ ይታየኛል።

አያታችንን «አባባ» ነበር የምንላቸው። አባባ ጎህ ሲቀድ መረብ ሊያነሡ ይወጣሉ። ሲመለሱ ዲምካ ወደቡ ላይ ተቀምጣ ትጠብቃቸዋለች። ወደብ ስላችሁ መርከብ እንዳታስቡ፤ አምስት ጣውላ ነው። አባባ ከጀልባው ሳይወርዱ አንድ አፈ ሹል ያነሣሉ። አፈ ሹል ረጅም፣ ጥርሳም ዓሣ ነው። ይሰነጥቁትና ጉበቱን ጥሬውን ይወረውሩላታል። ይህ «የድመት ድርሻ» ይባል ነበር። ዲምካ ሳትበላ በዚያ ቤት ዓሣ የሚነካ የለም። «ድመቱን የነፈገ መረቡ ባዶውን ይወጣል» ይሉ ነበር ሽማግሌዎቹ። በመንደሩ አሥራ ስምንት ቤቶች ሁሉ እንዲሁ ነው። አባት ያደረገውን ልጅ አደረገ እንጂ ማንም ክፉ አላሰበም።

አንድ ኅዳር፣ ወንዙ በረዶ ከመሆኑ በፊት፣ ዶክተር ኮርኔሊያ የምትባል ወጣት የእንስሳት ሐኪም ከቱልቻ ከተማ በሞተር ጀልባ መጣች። ቀጭን ናት፤ ቦርሳዋ ከእሷ ይከብዳል። ዲምካን አገላብጣ አየቻት፣ ሆዷን ዳሰሰችው።

«አያ ሳቬሊ፣ ይህቺ ድመት ኮሶ አለባት» አለች።

«ድመት ደግሞ ምን ኮሶ አላት?» አሉ አባባ።

«ከጥሬው ዓሣ ነው የሚመጣው። አፈ ሹሉ ውስጥ እንደ ሩዝ ፍሬ ነጭ የሆነ ትል አለ። ድመቷ ጥሬውን ስትበላው ሆዷ ውስጥ ገብቶ ይረዝማል። ከዚያ የምትበላውን እሱ ይበላባታል። ዓሣው በደንብ ከበሰለ ግን ትሉ ይሞታል።»

«አባቴም አያቴም ጥሬውን ነው የሰጡት።»

«አባትዎ ስንት ድመት ቀበሩ?»

አባባ ጢማቸውን አሻሹ። ከዚያ ሳቅ አሉና «እሺ፣ አስተምሪን» አሉ።

ዶክተሯ ለየቤቱ፣ ለአንድ ድመት ሁለት ሁለት ክኒን አደለች። አንዱ ያኔውኑ፣ ሌላው ከሦስት ሳምንት በኋላ። «ከምላሷ ጀርባ አድርጋችሁ አፏን ያዙ፣ ጉሮሮዋን ወደ ታች ዳበስ ዳበስ አድርጉ። ኩሷን ስትጠርጉ እጃችሁን በሳሙና ታጠቡ። ዓሣውን ቀቅሉ። በረዶው ሲቀልጥ እመለሳለሁ» አለች።

አባባም ቃላቸውን ሰጡ። ይህን እንደ ቀላል አትዩት ልጆች። ስልሳ ዓመት ሲወረውሩት የኖሩትን ጉበት ከዚያ ቀን ጀምሮ በትንሽ ድስት ይቀቅሉ ጀመር። ጎረቤታችን እትዬ ኡስቲኒያ በአጥር ብቅ ብለው «አያ ሳቬሊ፣ የድመት ወጥ ቤት ሆነው ቀሩ?» እያሉ ይስቁባቸው ነበር። አባባ ማማሰላቸውን አልተዉም። ክኒኖቹን ደግሞ ፌንያ መዳፍ ላይ አስቀመጡላት።

«ዲምካ የአንቺ ናት። አደራ» አሏት።

ፌንያ ሞክራለች፤ እውነቱን ልናገር። ዲምካን ጭኗ ላይ አድርጋ አፏን ከፈተችና ክኒኑን አስገባች። ዲምካ ኮሶ እንደ ጠጣ ሰው ፊቷን አጨማደደች፣ ክኒኑን ተፋችው፣ የፌንያን እጅ ከአውራ ጣቷ እስከ አንጓዋ ቧጨረችና በመስኮት ዘላ ሄደች። ሁለት ቀን አልተመለሰችም። ለካ እትዬ ኡስቲኒያ ቤት ተኝታለች።

ፌንያ አለቀሰች። ደሙ አልነበረም ያስለቀሳት።

«ጠላችኝ» አለች።

«ትመለሳለች» አልኳት።

«ብትመለስም አትወደኝም።»

በሦስተኛው ቀን ዲምካ መጣች። ምንም እንዳልተፈጠረ ሁሉ ፌንያ እግር ሥር ተጠቅልላ ተኛች። ፌንያ እሷን እያየች ብዙ ቆየች። ከዚያ ተነሥታ ወደ ወደቡ ሄደች። እኔም ነገረኛ አይደለሁ፣ ተከተልኳት። ሁለቱን ክኒኖች፣ የተተፋውንም ያልተነካውንም፣ ከኪሷ አውጥታ ወንዙ ውስጥ ወረወረቻቸው።

ዘወር ስትል አየችኝ። እጇን ኪሷ ከትታ አንድ እፍኝ የተቆላ ሱፍ አወጣች።

«ምንም አላየሽም፣ አይደል?»

«ምኑን?» አልኩ፣ መዳፌን ዘርግቼ።

የእኔ ዝምታ ዋጋው ይኸው ነበር፤ አንድ እፍኝ ሱፍ። አትሳቁ። የእናንተ ከዚህም ይረክስ ይሆናል።

ማታ አባባ «ዋጠችልሽ?» ብለው ጠየቁ።

«ዋጠች አባባ።»

«ጎበዝ» ብለው ግንባሯን ሳሟት። ከሦስት ሳምንት በኋላም ጠየቋት፤ ያኔም «ዋጠች» አለች። ሁለተኛው ውሸት ከመጀመሪያው ቀለላት።

በዚህ ብቻ አላበቃም። ዲምካ የተቀቀለውን ጉበት አሽትታ ፊቷን ታዞራለች። ከዚያ ፌንያን ቀና ብላ ታያታለች። ፌንያ አንጀቷ አይችልም። አባባ ሲወጡ ከባልዲው ጥሬውን ትሰርቅና ትሰጣታለች።

አሁን አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ፌንያ ዲምካን ትጠላት ነበር? አትጠላትም። ከነፍሷ ትወዳት ነበር። ነገር ግን ዲምካ እንድትድን ከመፈለጓ ይልቅ፣ ዲምካ እንዳትቆጣት መፈለጓ በለጠ። ስህተቷ እዚህ ላይ ነው።

የብርዱ ወራት ገባ። ወንዙ ጠጠረ። አባባ መስኮት ሥር ተቀምጠው መረብ ይጠግናሉ፤ እኛ ከምድጃው ጀርባ ሞቃቱ መደብ ላይ ሆነን ሱፍ እንፈለፍላለን። ውጭ ሸምበቆው በነፋስ ይንሿሿል። አባባ ልጅ ሳሉ በበረዶ ላይ ስለሄዱበት የሠርግ ጉዞ ይተርኩልናል፤ ሲተርኩ ሁልጊዜ አንድ ቦታ ላይ ይሳሳታሉ፣ እኛም እናርማቸዋለን። ያን ቤት ዛሬ ባገኘው በባዶ እግሬ እሄድ ነበር። ደስታችን ሙሉ ነበር ብላችሁ ግን መዋሸቴ ነው፤ ዲምካ እየከሳች ነበርና።

ከጥምቀት በኋላ የጀርባዋ አጥንት ይቆጠር ጀመር። ሆዷ ግን ተነፋ። የሦስት ድመት ትበላለች፤ የበላችው የት እንደሚገባ አይታወቅም። ፀጉሯ ደረቀ። ቅበላ ሲደርስ መደቡ ላይ መዝለል አቃታት፤ ፌንያ አቅፋ ታወጣት ነበር።

አባባ ተናደዱ። «ሁለት ክኒን ዋጠች፣ ሦስት ወር ሙሉ የበሰለ በላች፣ ይኸው! ያቺ ሐኪም ኖራ ነው የሰጠችን» አሉ። ይህንኑ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይም አሉት። አባባ ደግሞ ቃላቸው የሚሰማ ሰው ናቸው። እትዬ ኡስቲኒያ እስካሁን ሳይሰጡ ያቆዩትን ሁለተኛ ክኒን ምድጃ ውስጥ ጨመሩት። ሌሎቹም የተረፋቸውን ጣሉ። መንደሩ በሙሉ ወደ ጥሬው ጉበት ተመለሰ። አባባ ብቻ «ቃሌ ነው» ብለው ሐኪሟ እስክትመለስ ይቀቅሉ ነበር።

ፌንያ ይህን ሁሉ እየሰማች አንገቷን ደፍታ ሱፏን ትፈለፍል ነበር።

የቅበላ እሑድ በእኛ ዘንድ ሰው ሁሉ ይቅር የሚባባልበት ቀን ነው። ቅቤ የጠጣ ስስ ቂጣ ተበልቶ ሲያበቃ፣ በየቤቱ አንዱ በሌላው ፊት ይሰግዳል። ትልቅ ለትንሽም ይሰግዳል። አባባ የሚያማቸውን ጉልበት አጥፈው በእኔ ፊት፣ በስድስት ዓመቷ ነገረኛ ፊት፣ ግንባራቸውን መሬት አስነክተው «ማላንያ፣ ይቅር በይኝ» አሉኝ። ይህን እስክሞት አልረሳውም።

የፌንያ ተራ ደረሰ። ሰገደችና «አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ» አለች።

«እግዜር ይቅር ይበልሽ፤ እኔም ይቅር ብያለሁ» አሏት፣ እንደ ወጉ።

መደቡ ላይ ስንወጣ ፌንያ ፊቷ በርቶ ነበር።

«አለቀ። አባባ ይቅር ብለውኛል» አለችኝ።

«ስለ ምኑ?»

«ስለ ሁሉም።»

«ስለ ክኒኑም?»

«እሱም ሁሉም ውስጥ አለ፤ አሁን ተኚ።»

አያችሁ ብልጠቷን? ጥፋቷን ከብዙ ጥፋት ጋር ቀላቅላ በጅምላ አስማረችው። አባባ ይቅር ያሉት ምን እንደሆነ አያውቁም። ዲምካም በበነጋው መደቡ ላይ መዝለል አልቻለችም።

ጾሙ ገባ። በሁለተኛው ሳምንት በረዶው ተሰነጠቀና ወንዙ ተከፈተ። አንድ ጠዋት የሞተር ድምፅ ሰማን፤ ዶክተር ኮርኔሊያ ናት። ባለፈው ሰው ሁሉ ሊቀበላት ወጥቶ ነበር። አሁን ከእኛ በቀር የወጣ የለም። እትዬ ኡስቲኒያ እንኳ መጋረጃ ገልጠው አዩና መልሰው ጋረዱት።

አባባ ካፖርታቸውን ገለጡ። ውስጡ ዲምካ ናት፤ ራሷን ቀና ማድረግ አልቻለችም።

«ይኸውልሽ ሥራሽ» አሉ።

የዶክተሯ ፊት ተለወጠ። ዲምካን ተቀብላ ድዷን አየች፣ ሆዷን ነካች። «ክኒኑን ተፍታው ይሆን?» አለች።

«የልጅ ልጄ ናት በእጇ የሰጠቻት። የእኔ ልጅ አትዋሽም።»

ፌንያ አጠገቤ ነበረች። እጄን በጣም ጨመቀችው።

ዶክተሯ ብዙ አሰበች። «እንግዲያው መድኃኒቴ አልሠራም ማለት ነው» አለች ቀስ ብላ። «ያልሠራ ክኒን እንዲህ ለደከመች ድመት ደግሜ አልሰጥም። ሌላ ዓይነት አፈላልጌ አመጣለሁ። የምመለሰው ግን በሰኔ ነው።» ቦርሳዋን ዘጋች። ቀጭ ሲል ሰማሁት።

ፌንያ «እስከ ሰኔ ትቆያለች?» ብላ ጠየቀች።

ዶክተሯ ልጅ ናት ብላ አልሸነገለቻትም። «አትቆይም» አለቻት።

ገባችሁ አይደል ልጆች? ዲምካን የሚያድናት ክኒን እዚያው ቦርሳ ውስጥ ነው። ቦርሳውን የዘጋው የፌንያ ውሸት ነው። ጀልባዋ ከሄደች አለቀ። እኔ አፌ ውስጥ ሱፍ ነበር፤ መዋጥም መትፋትም አቃተኝ።

ፌንያ እጄን ለቀቀችና ርጥቡ ጣውላ ላይ ተንበረከከች።

«አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ።»

«እግዜር ይቅር ይበልሽ» አሉ አባባ እንደ ልማዳቸው። «አሁን ይህን ምን አመጣው?»

«የቅበላ ዕለት ስሙን አልጠራሁትም። ክኒኑን እዚህ ውኃ ውስጥ ጣልኩት፣ ሁለቱንም። ዋጠች ያልኩዎት ውሸት ነው። ጥሬ ጉበትም ከባልዲው እየሰረቅኩ ሰጥቻታለሁ። የዶክተሯ መድኃኒት ኖራ አይደለም።»

«እኔም አይቻለሁ። በሱፍ ዝም አልኩ» አልኩና ማልቀስ ጀመርኩ።

አባባ አልጮኹም። ቢጮኹ ይሻለን ነበር። ፌንያን አዩ፣ ወንዙን አዩ። ከዚያ ባርኔጣቸውን አወለቁና ያን የሚያማቸውን ጉልበት አጥፈው በዶክተሯ ፊት ተንበረከኩ።

«ልጄ፣ መድኃኒትሽን ኖራ ነው ብዬ በመንደሩ ሁሉ ፊት አማሁሽ። ሳላጣራ ነው ያማሁሽ። ይቅር በይኝ።»

የዶክተሯ ዓይን እንባ ሞላ። «ይነሡ አያ ሳቬሊ፣ ጣውላው ርጥብ ነው» አለች፤ ቦርሳዋንም መልሳ ከፈተች።

ዲምካን መዝና ክኒኑን ለካች። «ነይ፣ አንቺ ነሽ የምትሰጫት» አለቻት ፌንያን። ዲምካ፣ ያቺ የሞተች የመሰለች ድመት፣ ክኒኑ ምላሷን ሲነካው ጥፍሯን አወጣች።

«አትልቀቂያት።»

«ትጠላኛለች» አለች ፌንያ እያለቀሰች።

«ትጥላሽ» አለች ዶክተሯ። «ጠልታሽ ትኑር።»

ፌንያ አልለቀቀችም። ጉሮሮዋን ወደ ታች ዳበሰች፣ ዳበሰች። ዲምካ ዋጠች። በእውነት ዋጠች።

አባባ «መቅዘፊያውን አንሺ» አሏት። በቀሩት አሥራ ሰባት ቤቶች ሁሉ ዞርን። በየደጁ ፌንያ ጀልባው ላይ ትቆምና ያደረገችውን በስሙ ትናገራለች። ከአምስተኛው ቤት በኋላ ድምጿ ዘጋ፤ አባባ «ጎላ አድርገሽ» ይሏት ነበር። እትዬ ኡስቲኒያ ሰምተው ሲጨርሱ «ወይ ጉድ፣ እኔ ደግሞ ክኒኑን ምድጃ ውስጥ ከተትኩት እኮ! የት አለ ያ ድመት?» ብለው ወደ ውስጥ ሮጡ።

ከሰዓት በኋላ ወደባችንን ብታዩት! በጆንያ ድመት፣ በቅርጫት ድመት፣ በሽርጥ የተጠቀለለ ድመት። በሕይወቴ ያን ያህል ጀልባ በዚያች አምስት ጣውላ ዙሪያ አላየሁም። የድመቱ ጩኸት ጆሮ ይበጥሳል። ዶክተሯ ሁሉንም መዝና አዋጠች፤ ሲመሽ እኛ ቤት የጾም ባቄላ በልታ አደረች።

አባባ ከመጨረሻው ቤት ስንመለስ፣ ጀልባው ላይ፣ ለፌንያ «አሁን ይቅር ብዬሻለሁ፤ አሁን ምን እንደሆነ አውቄዋለሁ» አሏት። ለእኔ ደግሞ «አንቺ እስከ ፋሲካ ሱፍ የለሽም» አሉኝ። እስከ ፋሲካም አልነበረኝም።

ከዲምካ ሆድ ምን እንደወጣ አልነግራችሁም፤ ምሳችሁን ገና አልበላችሁም። ርዝመቱ ግን እዚህ ከተቀመጠችው መምህራችሁ ቁመት ይበልጣል።

ዲምካ ፌንያን አራት ቀን አላየቻትም። ፌንያ ስትገባ እሷ ትወጣለች። በአምስተኛው ቀን ፌንያና እኔ መደቡ ላይ እንዳለን ከታች አንድ ነገር ቧጠጥ አደረገ። ቀና ስንል ዲምካ ናት፤ በራሷ ጉልበት ዘላ ወጥታለች። ወዲያና ወዲህ አየች። ከዚያ ቀጥ ብላ መጣችና የእኔ እግር ሥር ተኛች። የእኔ!

ፌንያን አየኋት። ታለቅሳለች ብዬ ነበር።

«የተቀቀለውን በልታለች?» ብላ ብቻ ጠየቀችኝ።

«ጨርሳዋለች።»

«ይበቃል» አለችና መብራቱን አጠፋች።

አባባ ካረፉ ብዙ ዓመት ሆነ። ቤቱን ውኃ በላው፣ አምስቱ ጣውላም የለም። የፌንያ ፀጉር ዛሬ ሸብቷል። ቤቷ ስትሄዱ ግን ግድግዳው ላይ የቀን መቁጠሪያ ታያላችሁ፤ በየሦስት ወሩ አንድ ቀን ተከቦበታል፣ አጠገቡም የአሁኗ ድመቷ ስም ተጽፏል፤ የክኒን ቀን ነው። በዚያ ቀን እጇ ይቧጨራል፤ እሷም የድሮውን ጠባሳ እያየች ፈገግ ትላለች።

ልጆቼ፣ የምትወዱትን ቢቆጣችሁም ጠብቁት፤ ያጠፋችሁትንም በስሙ ጠርታችሁ ይቅርታ ጠይቁ።